ከሻምበሉ ሐውልት ላይ የተፋቀው ፊት

ለውድ ወንድሜ ለፊንታን፤

ሰላምታዬ ያን ሁሉ ባሕር ተሻግሮ አውስትራሊያ፣ ፍሪማንትል ድረስ ይድረስህ። እንደምን አለህልኝ? ጀርባህ ተሻለህ ወይስ ዛሬም ወደቡ ላይ ጭነት ባነሣህ ቁጥር ቀስፎ ይይዝሃል? ኤድናስ እንዴት ናት? ቴሳ ትምህርት ቤት ገባች? ትንሹ ዴክላን ጥርስ አወጣ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ከጉልበቴና ከምላሴ በቀር ደህና ነኝ። ጉልበቴ እኔን ያመኛል፣ ምላሴ ደግሞ ሌላውን ሰው ያማል። እሱን እንኳ ከድሮም ታውቀዋለህ።

ለገና የላክሃት ካርድ ደርሳኛለች። «ሁላችንም ደህና ነን፤ ሙቀቱ አይጣል ነው» ትላለች። የአምናዋም ይህንኑ ነበር የምትለው። ታላቅህ ነኝና ልቆጣህ መብት አለኝ፤ የሙቀቱን ነገር ከሆነ ጋዜጣም ይነግረኛል። አባዬን በስም እንዳላነሣኸውም አይቻለሁ። እሱም ያንተን ስም አያነሣም ነበርና ተካክላችኋል።

ዛሬ ብዕር ያነሣሁት ግን ልወቅስህ አይደለም። እዚህ አንተን የሚነካ ነገር ሆኗል። የፖስታ ቤቷ ኪቲ ማርናን እናንተው አጠገብ፣ ፐርዝ ውስጥ የአክስት ልጅ አላት፤ የኪቲ ወሬ ደግሞ መርከብ እስኪሞላ አይጠብቅም። ተጣሞ ከሚደርስህ ከእኔው ስማው ብዬ ነው።

ነገሩ የሻምበል ዶናል ኮንሲዳይን ሐውልት ነው። ሻምበሉን አንተ በተወለድክበት ዓመት እንግሊዞች ድልድዩ ላይ እንደገደሉት፣ በዚያው ሳምንት የእናቱን ቤት ከነዕቃው እንዳቃጠሉት ልጅ ሆነን ያልሰማንበት ቀን የለም። ከተማችን ኪልፋርናን ለዚህ ሰው ሐውልት አቆማለሁ ስትል ሠላሳ ዓመት አወራች። ካቻምና እንደ ምንም ብሎ ኮሚቴ ቆመ። ሰብሳቢው መምህር ላሂፍ ነው፤ አንተን በአርጩሜ ማባዛት ያስተማረህ ያው ላሂፍ። ከደብሩ ደግሞ አባ ሃናን ገቡበት። ከዕለታት አንድ ቀን ላሂፍ ባርኔጣውን በእጁ ይዞ ግቢያችን መጣና አባዬን «ማላኪ፣ ሐውልቱን አንተ ሥራልን፤ የዚህ አገር ልጅ እያለ ሌላ ዘንድ ለምን እንሄዳለን» አለው።

የአባዬን ደስታ ብታይ! እራቱን አቋርጦ ተነሣና ወደ መጋዘኑ ሄደ። በማግስቱ ማክሰኞ ነበር፤ ጢሙን ተላጨ። በሥራ ቀን ጢሙን ሲላጭ ከእማዬ ቀብር ወዲህ ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው።

እንደ እኔ ሆነህ ይህን ነገር እየው። ሰውዬው በወጣትነቱ ደብሊን ድረስ ሄዶ ሐውልት መቅረጽ የተማረ ሰው ነው። ከዚያ ተመልሶ ዕድሜውን ሙሉ ሲሠራ የኖረው የመቃብር ድንጋይ ነው። አገራችን እኮ ጥበብ አልወድም አትልም። ግጥም የጻፈ ሰው ሲያልፍ ባርኔጣ ይነሣለታል፤ የዘፈነ ሰው መጠጥ ቤት ከገባ በገዛ ኪሱ አይጠጣም። ድንጋይ የጠረበ ሰው ሲያልፍ ግን «ማላኪ፣ የእናቴ መቃብር ድንጋይ ለኅዳር የሙታን መታሰቢያ ይደርሳል?» ነው የሚባለው። እኔም አጠገቡ ተቀምጬ ፊደል ስቀርጽ፣ የሟቹን ስም አሳምሬ ስጽፍ፣ ማን ጻፈው ብሎ የጠየቀኝ ሰው በሕይወቴ አላጋጠመኝም።

አባዬ ለደብሩ የጠረባትን ማርያም መቼም አትረሳትም። ክረምቱን ሙሉ ሲጠርባት መብራት የምትይዝለት አንተ ነበርክ። አባ ሃናን መጥተው ዞር ዞር እያሉ አዩዋትና «ማላኪ፣ ይቺ እኮ አሁን ላም ስታልብ ቆይታ የመጣች ሴት ትመስላለች፤ ክንዷን እየው እስቲ!» አሉት። ከዚያ ከጣሊያን በሣጥን ተጭና፣ ጭድ ውስጥ ተጠቅልላ የመጣች የጀሶ ማርያም ገዝተው አቆሙ። ሰማያዊው መቀነቷ በዝናብ ተላጠ፤ በየዓመቱ የደብሩ ሴቶች ቀለም ይቀቧታል፤ አሁን የከንፈሯ ቀለም እንኳን ለእመቤታችን ለመጠጥ ቤት አሳላፊም ይበዛል። የአባዬ ማርያም ግን ይኸው ከመጋዘኑ ጀርባ ቆማ ዶሮ ይሰፍርባታል። ያን ጊዜ እሱ ወደ መቃብር ድንጋዩ ተመለሰ። እኔ ነኝ ቆሽቴ የደበነው።

እና ሻምበሉን ሲሰጡት በእውነት ደስ አለኝ። ድንጋዩን ለመምረጥ ስንሄድ፣ ድንጋይ የሚወጣበት ካባው ላይ ያልነካው የለም፤ ሁሉንም በመዶሻ መታ እያደረገ ጆሮውን ይደቅናል። ያልተሰነጠቀ ድንጋይ እንደ ደወል ነው የሚጮኸው። አንዱ ጋ ሲደርስ ድምፁ እስኪያልቅ ሰማውና «ይኸው ሻምበላችን» አለኝ። ሲስቅ ካየሁት ስንት ጊዜዬ!

አስቸጋሪው የሰውዬው ፊት ነበር። ቤቱ ሲቃጠል አንዲት ፎቶግራፍ እንኳ አልተረፈችም፤ የሚያውቁት ሰዎች ደግሞ አንዱ ጠይም ነው ሲል አንዱ ቀይ ነው ይላል፤ አብሮት የተዋጋው አባዬ እንኳ ከሠላሳ ዓመት በኋላ ፊቱ አልመጣለት አለ። አባዬ እንደ ልማዱ አስቀድሞ በጭቃ ሊያበጀው ገባ። ሰንበት ብዬ ሻይ ይዤለት ስገባ ጭቃው ፊት አውጥቷል። አንተ ነህ፣ ፊንታን። ጥፋት አጥፍተህ ሳቅህን ልታፍን ስትል በአንድ በኩል የምታነሣት ከንፈር ሳትቀር አለች። አባዬ ጀርባውን ሰጥቶኝ በአውራ ጣቱ ያቺን ከንፈር እየዳበሰ ነበር። መግባቴን ሲያውቅ እርጥቡን ጨርቅ አነሣና ሸፈነህ። «ሻዩን እዚያ አስቀምጪው» አለኝ፤ ሌላ ነገር የለም።

እኔም ሻዩን አስቀምጬ ወጣሁ። ምን ልበል? የአገራችንን የአየርላንድን ጦር ልብስ አውልቀህ የእንግሊዝን ዩኒፎርም የለበስክ ዕለት ምን እንደሆነ ታውቃለህ። ሂትለርን ልትወጋ እንደሄድክ ማን ጆሮ ሰጠህ! አባዬ ከኮንሲዳይን ጋር ድልድዩ ላይ የነበረ፣ በእንግሊዝ እስር ቤት የማቀቀ ሰው ነው። ሰው በቅዳሴ መውጫ ላይ ጀርባውን ሲያዞርበት፣ እሱ ደግሞ ለእነሱ ብሎ ላንተ ጀርባውን አዞረ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በዚህ ቤት ስምህ ተጠርቶ አያውቅም። እማዬ እንኳ ስትሞት ጆሮዬ ውስጥ ነው የጠራችህ። እና ጭቃው ላይ ሳይህ፣ ከስንት ዓመት በኋላ ቤት የገባህ መስሎኝ ዝም አልኩ። ሻምበሉ ሲሞት ሃያ ሁለት ዓመቱ ነበር፤ አንተም ስትሄድ ሃያ ሁለት። አባዬ አውቆ ያድርገው ሳያውቅ እጁ ያምጣው እስከ ዛሬ አልጠየቅሁትም።

አንድ ዓመት ተኩል ጠረበው። እንዲህ ያለ ሥራ ከእጁ ወጥቶ አያውቅም፤ ልጁ ስለሆንኩ አይደለም የምለው። ሰውዬው ካፖርቱን ደርቦ፣ አንድ እግሩን ወደፊት አድርጎ፣ ድልድዩ ላይ የሰማውን ድምፅ እንደሚያዳምጥ ቆሟል። ጠመንጃውን እንደ እንጨት ነው የያዘው እንጂ እንደ ጀግና አይደለም። አለቀ ሲባል በዚህ አገር ወግ መሠረት አንድ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ደብሩ ሁሉ ሊያየው ግቢያችንን ሞላው።

አባዬ ሸራውን ሲገፈው ወንዶቹ ባርኔጣቸውን አነሡ። ከዚያ የሆነውን ብነግርህ ከዚህ አገር ሰው በቀር ማንም አያደርገውም። ላሂፍ እንባ አቅርሮ «ዶናል ነው! አንድ ወንበር ላይ ተቀምጠን ተምረናል፤ ቁርጥ እሱ!» አለ። አንዱ «የኮንሲዳይኖች አገጭ እኮ ከሩቅ ይታወቃል» አለ። ሻምበሉ ሲሞት ገና ያልተወለደ የዳቦ ጋጋሪው ልጅ ሳይቀር «አቤት ዓይኑ፣ ራሱ እኮ ነው!» ይላል። የሻምበሉ ታላቅ እህት ሚስ ኮንሲዳይን ከዘራቸውን ተደግፈው ቆመው ነበር። «ለወንድሜስ እግዚአብሔር አገጭ የሚባል ነገር አልፈጠረለትም፤ ጆሮውም እንደ ማሰሮ እጀታ ነበር» አሉ። ማን ሰማቸው? ሁሉም ወንድማቸውን ከእሳቸው በላይ አወቀው።

ይኼኔ ኪቲ ማርናን መጣች። ሰውን በክርኗ እየገፋች ፊት ድረስ ገባችና ቀና ብላ አየችው። «ኢየሱስ፣ ማርያም፣ ዮሴፍ!» ብላ አማተበች። «ይሄ ፊንታን ሊሊስ ነው እኮ! ያ ለእንግሊዝ ያደረው!»

አንድ ጊዜ ከተባለ በኋላ ደግሞ ሳያይህ የቀረ የለም። ያ ሁሉ «ቁርጥ እሱ» ሲል የነበረ ሰው «እኔማ ገና ሸራው ሲነሣ ነው ያወቅኩት» ማለት ጀመረ። ላሂፍ እንባውን ሳይጠርግ መልኩ ተለዋወጠ። አንዱ ከኋላ «ማላኪ፣ እንግሊዞች የገደሉትን ሰው፣ የገዳዮቹን ልብስ የለበሰ ሰው ፊት ሰጥተህ ልታቆምልን ነው?» ብሎ ጮኸ። አባዬ ሸራውን በእጁ እንደያዘ ቆሟል። እኔ ግን አላስቻለኝም። «አሁን ስትሳለሙት የነበራችሁት እናንተ አይደላችሁም? ፊቱ መቼ ተለወጠ?» አልኳቸው። አባ ሃናን «ኢታ፣ ምላስሽን ሰብስቢ፤ ዛሬ ሰንበት ነው» አሉኝ። በሰንበት ምላስ የሚሰበሰበው የእኔ ብቻ ሆነና ነገሩ በዚያ አበቃ።

በሦስተኛው ቀን ላሂፍና አባ ሃናን መጥተው ወጥ ቤታችን ተቀመጡ። የመጡት ለልመና ይሁን ለፍርድ አልለየልኝም። «ማላኪ፣ ማንም በክፋት ሠራኸው አላለም» አለ ላሂፍ። «ፊቱን ብቻ ለውጠው። ሌላው ሁሉ ግሩም ነው።» እንግዲህ ኮፍያ እንደማውለቅ መስሎታል። አባዬ ረጋ ብሎ፣ ከድንጋይ ላይ መቀነስ እንጂ መጨመር እንደሌለ፣ ሌላ አፍንጫ ለማውጣት ያለውን ፊት ጠርቦ ወደ ውስጥ መግባት እንደሚያስፈልግ፣ ያን ጊዜ ጭንቅላቱ ለትከሻው እንደሚያንስ ነገረው። ላሂፍ «ትንሽ ቢያንስ ምን አለበት?» አለ። አባ ሃናን ግን ቁርጡን ተናገሩ፤ እሱ ካልጠረበው ከሊመሪክ ሌላ ጠራቢ አስመጥተው እንደሚያስጠርቡት፣ እንቢ ካለም ሐውልቱን ትተው ከነጋዴ ዘንድ ተሠርቶ ያለቀ የድንጋይ መስቀል ገዝተው እንደሚያቆሙ።

ሲወጡ እግሩ ላይ ልወድቅ ምንም አልቀረኝም። «አባዬ፣ እንቢ በላቸው። እዚሁ ግቢያችን ይቁም፤ እኛ እናየዋለን፤ መስቀላቸውን ገዝተው ይትከሉ» አልኩት። ምን እንዳለኝ ልንገርህ፤ «ኢታ፣ ዕድሜዬን ሙሉ የሠራሁት ለማያይ ሰው ነው። አንድ ጊዜ እንኳ ሰው ገበያ ሲሄድና ሲመለስ የሚያየው ነገር አደባባይ ላይ ላቁም።» ቀጥሎም «ደግሞ የሌላ ሰው መሮ አይነካውም» አለኝ። ሻምበሉን ማለቱ እንዳልነበረ ለመረዳት ብዙ መማር አያስፈልግም።

በማግስቱ የመጋዘኑን በር ዘግቶ ገባ። እኔ ውጭ ሆኜ የአንዲት መነኩሴ ስም እየቀረጽኩ ነበር። የአባዬን መዶሻ ከድምፁ ለይቼ አውቀዋለሁ፤ ሲሠራ ሳያቋርጥ እንደ ልብ ምት ነው የሚሄደው። ያን ቀን ግን አንዴ ይመታል፣ ከዚያ ረጅም ዝምታ፤ እንደገና አንዴ ይመታል። ሥራዬን ጥዬ ድንች ልልጥ ገባሁ፤ እዚያም ይሰማኛል። ሳምንት ሙሉ እንዲህ ሆነ። ጨርሶ በሩን ሲከፍት ገብቼ አየሁት። ትልቅ ትከሻ፣ ትልቅ ካፖርት፣ ከላይ ግን የማንም ያልሆነ ትንሽ ፊት። አንተም የለህ፣ ሻምበሉም የለ። አባዬ ወለሉን ጠርጎ፣ ስብርባሪውን በአካፋ አፍሶ መንገዱ ላይ ካለው ጉድጓድ ውስጥ ደፋው። «ጉድጓዱ ዝናብ ሲዘንብ መኪና ይይዝ ነበር» አለኝ። ፊንታን፣ በዚያች ሰዓት ጠላሁት። እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ።

ሐምሌ ላይ ምረቃው ሆነ። ዝናብ ነበር፣ መቼም ሳይነገርህ ታውቀዋለህ። የኤኒስ ከተማ የሙዚቃ ባንድ መጣ። ከደብሊን የመጣ ባለሥልጣን መድረኩ ላይ ቆሞ ስለ ጀግኖች ደም ብዙ ብዙ ተናገረ፤ ሕዝባችን የቃል ሕዝብ ነው፣ ነፍሱም በዘፈኑ ውስጥ ነው አለ። ከዚያ ፓኪ ኩዊንን አስጠራው። ፓኪ ማለት የድልድዩን ውጊያ ዘፈን ያወጣው፣ ውጊያው ዕለት አልጋ ሥር የተደበቀው ፓኪ ነው። መድረክ ላይ ወጥቶ ዓይኑን ጨፍኖ ሁሉንም ስንኝ ዘፈነው። ባለሥልጣኑ እጁን ጨብጦ «እንዳንተ ያሉ ሰዎች ናቸው አገር ያቆዩ» አለው። ሐውልቱ በአጠገባቸው ቆሟል፤ ከሰማይ የወረደ ነው የሚመስለው እንጂ ሰው የሠራው አይመስልም።

አባዬ የቀብር ሱፉን ለብሶ ከባንኩ ግድግዳ ሥር ቆሞ ነበር። መድረክ ላይ አልጠሩትም። መጨረሻ ላይ ላሂፍ ምስጋና ማቅረብ ጀመረ። ባንዱን አመሰገነ። አባ ሃናንን አመሰገነ። ሐውልቱ የተጎተተበትን ትራክተር ያዋሰውን ገበሬ አመሰገነ። ሳንድዊች የሠሩትን ሴቶች ሲያመሰግን አባዬ ባርኔጣውን አወለቀ፤ ቀጥሎ የእሱ ተራ መስሎት ነው። ጸጉሩ ላይ ዝናብ ሲወርድበት አየዋለሁ። ላሂፍ ግን «እግዚአብሔር አየርላንድን ይባርክ» ብሎ ወረደ። አባዬ ትንሽ ቆይቶ ባርኔጣውን መልሶ አደረገ። የሐውልቱ እግር ሥር የኮሚቴው አባላት ስም ሁሉ ተጽፏል፤ የጻፍኩት እኔ ነኝ፣ በገዛ እጄ። የአባዬን ስም በአንዲት ጠርዝ ላይ ልጨምር ብዬ ስጠይቅ፣ አባ ሃናን ትሕትና ለሠሪ እንደሚያምርበት ነግረውኛል።

የአገራችን ሰው ደግሞ ሐውልት አቁሞ የቅጽል ስም ሳያወጣለት አያድርም። ገና ሳምንት ሳይሞላው «ሽንኩርቱ» አሉት፤ ሲልጡት ሲልጡት አለቀ ማለታቸው ነው። አሁን ሰው «የት እንገናኝ?» ሲባል «ሽንኩርቱ ጋ» ነው የሚለው። ላሂፍም አብሮ ይስቃል። ጋዜጣው ምን እንዳወጣ ትሰማለህ? የሐውልቱ ራስ ለአካሉ እንደሚያንስ፣ ኮሚቴው ለእንዲህ ያለ አገራዊ ሥራ ከዋና ከተማው በቂ ችሎታ ያለው ቀራፂ አለመፈለጉ እንደሚያሳዝን። ጋዜጣውን አባዬ ሳያየው ልደብቀው ብዬ ነበር፤ ኪቲ ቀድማ አምጥታ ሰጠችው። ደግ ሥራ የሠራች ነው የመሰላት።

ቤታችን የመጡት ሚስ ኮንሲዳይን ብቻ ናቸው። በር ላይ ቆመው «ማላኪ፣ የፊተኛው ይሻል ነበር። እናቴ እንዲህ ያለ ቆንጆ ልጅ ነበራት ቢባል ደስ ባላት» አሉት። አባዬ ወንበር አቀረበላቸው። ሁለቱም ሻያቸውን ጠጡ።

ከዚያ ወዲህ አባዬ መጋዘኑ አይገባም። የጀመራቸውን የመቃብር ድንጋዮች እኔ ነኝ የምጨርሳቸው። ሳሉም ብሶበታል፤ ያ ሁሉ የድንጋይ አቧራ ደረቱ ውስጥ ነው ያለው ይላል ሐኪሙ። አንድ ቀን ምሳ ቀርቦ፣ ሹካውን ይዞ እንደተቀመጠ፣ ሳልጠይቀው «ፊንታንን ሁለት ጊዜ ሰጠኋቸው» አለኝ። ስምህን ከአፉ ስሰማ ከሄድክ ወዲህ የመጀመሪያዬ ነው። «የመጀመሪያውንማ ገና ሳይጠይቁኝ ነው የሰጠኋቸው» አለና ምግቡን ገፋው።

እንግዲህ ይኸው ነው። እሱን ማርልኝ ብዬ አልለምንህም፤ እኔ ራሴ ገና አልማርኩትም። ድንጋይ ላይ አንድ ዓመት ተኩል ሲያበጅህ የከረመ ሰው በወረቀት ላይ አንድ መስመር መጻፍ አቃተው። አንተም የእሱ ልጅ ነህና ስለ ሙቀቱ ትጽፍልኛለህ። ሁለታችሁም ድንጋዮች ናችሁ፤ እኔ መሀላችሁ ቆሜ አረጀሁ። የተናደድኩት በላሂፍ ብቻ እንዳይመስልህ።

በል ሰላምታዬን አድርስልኝ። ኤድናን በዓይኔ ባላያትም እንደ እህቴ አድርጌ እስማታለሁ በላት። ለቴሳ የአክስቷን ሰላምታ ንገራት፤ ፊደል ስትጽፍ እጇን አታስቸኩል። ዴክላንን ጉንጩን ሳምልኝ። ሚስ ኮንሲዳይን ላንተ ሰላም በይልኝ ብለዋል፤ በዚህ ከተማ ስምህን ጮክ ብሎ የሚጠራ ሰው እሳቸው ብቻ ናቸው። የእማዬን መቃብር ለኅዳር አጽድቼዋለሁ፤ ባንተም ስም ሻማ አበራለሁ።

ከአባዬ የማደርስልህ ሰላምታ የለኝም። እንደምጽፍልህ አያውቅም። ትናንት ግን መስኮቱ ሥር እንደተቀመጠ አውራ ጣቱን በአየር ላይ ሲያንቀሳቅስ አየሁትና «ምን ፈልገህ ነው?» አልኩት። «ኢታ፣ ልጅ ሳለ ድንጋይ ካባው ላይ ወድቆ የተሰነጠቀው ቅንድቡ የቱ ነበር? የቀኙ ነው የግራው?» አለኝ። «ፊቱን ጠርቤ ካጠፋሁት ወዲህ አይመጣልኝም። እጄ ረሳው።» ፎቶግራፎችህን ያን ጊዜ አንድ በአንድ እሳት ውስጥ የከተታቸው ራሱ ነው፤ አውጥቼ የማሳየው ነገር የለኝም። ቶሎ ብዬ «የቀኙ» አልኩት። እሱም እፎይ ብሎ ዓይኑን ጨፈነ። እኔ ግን ከዚያ ሰዓት ጀምሮ አንዴ በቀኝ አንዴ በግራ እየመጣብኝ እርግጠኛ መሆን አቃተኝ። ስለዚህ በሞቴ፣ ይህ ደብዳቤ እንደደረሰህ መልሱን ላክልኝ። መስታወት ያሳስታልና ፊት ለፊት የምታይህን ኤድናን ጠይቃት። እዚህ ቤት የሚያውቅ ሰው አልቀረም።

እህትህ ኢታ ሊሊስ

ኪልፋርናን፣ ክሌር፣ አየርላንድ
ኦክቶበር 11 ቀን 1953